ለጭልጋው ወንድማችን፦ ስለ መሣሪያ ፈቃድ እድሳትና ስለ ማሳ ጥበቃ

የጭልጋው ወንድማችን ጥያቄ ይህ ነው። የጠብመንጃ ፈቃዱ ሊያበቃ ነው። ማሳው ገደል ሥር ስለሆነ ዝንጀሮና የዱር አሳማ በቆሎውን እየፈጁበት ነው። ለማሳደስ ምን ይዞ ይሂድ? እሱ ገበያ ሲሄድስ ታናሽ ወንድሙ መሣሪያውን ይዞ ቢጠብቅለት ችግር አለው?

እኔም እዚሁ ጎንደር ገበሬ ነኝ። የማውቀውን ልንገርህ።

ፈቃድህ ላይ የተጻፈውን የማብቂያ ቀን እይና ፈቃዱን ወደሰጠህ ቢሮ ቀድመህ ሂድ። ግንቦት ላይ ብትጨርሰው ጥሩ ነው። ሐምሌ ከገባ መንገዱ ጭቃ ነው፣ አንተም ከእርሻ አትላቀቅም። እሸት ሲደርስ ደግሞ ዝንጀሮው ወረቀትህ እስኪያልቅ አይጠብቅህም።

እኔ ሳሳድስ የተጠየቅሁት አሮጌው ፈቃድ፣ መታወቂያ፣ ጉርድ ፎቶ፣ ከቀበሌ የድጋፍ ደብዳቤና መሣሪያው ራሱ ነው። ደብዳቤው ላይ ማሳህ የት እንደሆነና ምን አውሬ እንደሚያስቸግርህ በግልጽ ይጻፍልህ። «ለሰብል ጥበቃ» ብቻ ከተባለ ተመልሰህ ልትመጣ ትችላለህ። መሣሪያውን ግን ዝም ብለህ አንግተህ እንዳትወጣ። አሁን ጊዜው እንደምታውቀው ነው። መጀመሪያ ወረቀቱን ብቻ ይዘህ ሂድና መሣሪያው መቼና እንዴት እንደሚቀርብ ጠይቅ። ስትወስደውም ጥይት ያልጎረሰ ይሁን፣ ፈቃዱም ከእጅህ አይለይ።

ዋናው ነገር ቁጥሩ ነው። ከቤት ሳትወጣ ብረቱ ላይ የተመታውን ቁጥር ፈቃዱ ላይ ካለው ጋር አንድ በአንድ አስተያየው። የጎረቤቴ ፈቃድ ላይ ጸሐፊው 3ቱን 8 አድርጎ ጽፎት ኖሮ ሰውየው በገዛ መሣሪያው ተጠርጥሮ ስንት ተንገላታ። ስህተቱ የእሱ አልነበረም፣ የተንከራተተው ግን እሱ ነው። በጣም ነው ያዘንኩት። ዝገት ካለ በዘይትና በጨርቅ አጽዳው። በብርጭቆ ወረቀት አትፋቀው፣ የተፋቀ ቁጥር ሌላ ጥርጣሬ ያመጣል። ለከፈልከው ሁሉ ደረሰኝ ተቀበል።

ወንድምህን በተመለከተ፣ አይሆንም። የመሣሪያ አዋጁ ቁጥር 1177/2012 ነው። ፈቃዱ ለአንተ በስምህ የተሰጠ ነው፤ ለወንድምም ለልጅም አይዋስም። እሱ ይዞ ቢገኝ ሁለታችሁም ትጠየቃላችሁ።

ደግሞ አንድ ነገር ልብ በል። የመሣሪያ ፈቃድ የአደን ፈቃድ አይደለም። የዱር እንስሳት አዋጁ ለአደን ራሱን የቻለ ፈቃድ ይጠይቃል። አውሬው ካስቸገረህ ለወረዳው ግብርና ጽሕፈት ቤት በጽሑፍ አመልክት፣ ግልባጩንም አስቀምጥ። ደባርቅና ጃናሞራ ያላችሁም ስሙኝ። ጭላዳ ዝንጀሮ ገብሳችሁን እንደሚጎዳ አውቃለሁ፣ ግን ከኢትዮጵያ ውጭ የትም የለም። ዋልያማ ከስሜን ተራራ ሌላ አገር የለውም፣ ቁጥሩም መንምኗል። እነዚህ ላይ አፈሙዝ አይዞርም።

እውነቱን ልንገርህ፣ ዝንጀሮን የሚመልሰው ጥይት ሳይሆን ሰው ነው። ዝንጀሮ ገደል ላይ ያድራል፣ ፀሐይ ሲሞቅ ይወርዳል። ጠባቂ ማማው ላይ ካለ በሩቁ አይቶ ይዞራል። ተኩሰህ ብታባርረው ያንን ቀን ይሸሻል፣ በማግሥቱ ጠባቂ ከሌለ ተመልሶ ይመጣል። ለክላሽ ጥይት ደግሞ አንድ ኪሎ ሜትር ምንም አይደለም። ከማሳው ማዶ እረኛ ሕፃናት አሉ።

እኛ ጋ የሠራው ተራ መግባት ነው። ገደሉን የምንዋሰን ገበሬዎች ማሳችንን በአንድ ሰሞን በቆሎ እንዘራለን። ከዚያ ማማ ሠርተን በየተራ እንጠብቃለን። ወንጭፍ፣ ጅራፍና ጥሩ ውሻ ይበቃል። ለብቻው የዘራ ሰው የመንጋው ሁሉ ቀለብ ይሆናል። ለጃርትና ለዱር አሳማ ግን የቀን ጥበቃ አይረዳም፣ የሚመጡት ሌሊት ነው። ለእነሱ ቦይ ቆፍረህ በእሾህ ጥቅጥቅ አድርገህ እጠር። እባክህ ልጆቹን ከትምህርት አስቀርተህ ማማ ላይ አታውላቸው። መስከረም ላይ ትምህርት ሲከፈት ነው እሸቱም የሚደርሰው፣ ስንቱ ልጅ በዚህ ሰበብ ከክፍል ቀርቷል። ተራው ለአዋቂ ይደልደል። ወንድምህም ወንጭፉን ይዞ በአንተ ተራ ቢወጣ ማንም አይጠይቀውም።