ልጄ በሪጋ ከአንግሊካኖች ጋር ትቁረብ?

ጥያቄ፦ መምህር፣ የምጽፍልዎ ከጎንደር፣ ከአዘዞ ነው። ልጄ በላትቪያ፣ በሪጋ ከተማ ሕክምና ትማራለች። የእኛን ቤተ ክርስቲያን እዚያ አላገኘችም። እሑድ እሑድ የውጭ አገር ሰዎች በእንግሊዝኛ ወደሚያመልኩባት ትንሽ የአንግሊካን ቤተ ክርስቲያን ትሄዳለች። በቅርቡ ደውላ «ቁረቢ አሉኝ፣ ምን ላድርግ?» አለችኝ። ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ አጣሁ። ሃይማኖቷን ለወጠች ማለት ነው?

መልስ፦ እናቴ፣ አልለወጠችም። ልቧ የሸፈተ ልጅ «ምን ላድርግ?» ብላ እናቷን አትጠይቅም። እኔ በጥያቄዋ ደስ ብሎኛል።

የጠሯት ሰዎች ክፉ አስበው አይደለም። የእንግሊዝ ቤተ ክርስቲያን፣ ማለትም የአንግሊካኖች፣ ሥርዓት በሥላሴ ስም ተጠምቆ በራሱ ቤተ ክርስቲያን የሚቆርብ ክርስቲያን እንግዳ ሆኖ ሲመጣ እንዲቆርብ ይፈቅዳል። የሪጋዋ ጉባኤያቸውም ራሷ የስደተኛ ልጅ ናት። ሕንፃውን እ.ኤ.አ. በ1850ዎቹ ያሠሩት በሪጋ ወደብ ይነግዱ የነበሩ እንግሊዞች ናቸው፤ ጡቡን ሳይቀር ከአገራቸው በመርከብ አስመጥተዋል። በሶቪየት ዘመን ተዘግቶ የተማሪዎች መዝናኛ ሆኖ ነበር። የሰው አገር ብቸኝነትን ስለሚያውቁ ልጅዎን ወንበር ስበው አስቀመጧት። ይህን ውለታ በክፉ አንመልስም።

የእኛ ከተማም አስተናግዳቸዋለች። እ.ኤ.አ. በ1830 ሳሙኤል ጎባት የተባለ ሚስዮናዊ ጎንደር ገብቶ ከሊቃውንቱ ጋር ስለ ሃይማኖት ተነጋግሯል። በ1846 በኢየሩሳሌም የአንግሊካን ጳጳስ ሆኖ ሲሾም ደግሞ እዚያው በዴር ሱልጣን ገዳማችን ለተቸገሩት መነኮሳቶቻችን ጠበቃ ሆኖላቸዋል። ይህ ሁሉ ሆኖ ግን አብረን አልቆረብንም።

ለምን ቢሉ፣ ቁርባን የግብዣ ማዕድ ስላልሆነ ነው። እኛ ሥጋ ወደሙን ከመቀበላችን በፊት ካህኑ «አአምን፣ አአምን፣ አአምን» ይላል፤ ኅብስቱ በእውነት ሥጋው፣ ወይኑም በእውነት ደሙ እንደሚሆን ይመሰክራል። የአንግሊካኖች የእምነት መግለጫ የሆኑት 39 አንቀጾች ግን የክርስቶስ ሥጋ የሚበላው በሰማያዊና በመንፈሳዊ መንገድ ብቻ ነው ይላሉ። ከሰባቱ ምሥጢራትም በወንጌል በክርስቶስ የተሠሩ ብለው የሚቆጥሩት ጥምቀትንና ቁርባንን ብቻ ነው። በክህነትም እንለያያለን። ቅዱስ ጳውሎስ «አንድ እንጀራ ስለ ሆነ እኛ ብዙዎች ስንሆን አንድ ሥጋ ነን» ይላል፤ አንድ ሳንሆን አንድ ነን ብለን በጽዋው ፊት መመስከር አንችልም። ስለዚህ ልጅዎ አትቁረብ። ሲጠሯት «በእኛ ሥርዓት አይፈቀድልኝም፣ ስለ ደግነታችሁ ግን እግዚአብሔር ይስጥልኝ» ብላ ከቦታዋ ሳትነሣ ትቀመጥ። ይቀየሙኛል ብላ አትስጋ።

በጸሎታቸው መካፈሏን በተመለከተ ቀኖናችን ጥብቅ ነው፤ እኔም አላላላውም። ቢሆንም ብቻዋን ያለች የሃያ ዓመት ልጅ ነገር ነውና በደብዳቤ አልቆርጠውም። ለንስሐ አባቷ ደውላ የምትሰማውንና የምታደርገውን ሁሉ ትንገራቸው፤ የሚወስኑትም እርሳቸው ናቸው።

ዋናውን ነገር ልንገርዎ። በሪጋ በቅዱስ ጎርጎርዮስ አብራሂ ስም የተሠራች የአርመን ሐዋርያዊት ቤተ ክርስቲያን አለች። አርመኖች እህቶቻችን ናቸው፤ እንደ ግብጽ፣ እንደ ሶርያና እንደ ሕንድ ኦርቶዶክሶች ሁሉ በሃይማኖት አንድ ነን። እ.ኤ.አ. በ1965 የእነዚህ አብያተ ክርስቲያናት አባቶች አዲስ አበባ ላይ በአንድነት ተሰብስበዋል። ቋንቋው አርመንኛ ነው፤ ዜማውም የጎንደር በዓታን አቋቋም ለለመደች ልጅ እንግዳ ይሆንባታል። ነገር ግን ያ መሠዊያ የእርሷም ነው።

ከደብራችሁ የጥምቀት ምስክር ወረቀት አውጥተው ይላኩላት፤ ለአርመኑ ካህን ታሳያቸው፣ የክርስትና ስሟንም ትንገራቸው። ሲደውሉላት ግን «ከዳሽን?» ብለው አይጀምሩ። አስቀድመው ምን እንደበላች፣ ብርዱን እንዴት እንደቻለችው ይጠይቋት፤ ከዚያ የአርመኖቹን ነገር ይንገሯት።