ሃያው ዓምድ እንዴት አርባ ሆነ?

ጥያቄ፦ በኢራን፣ ኢስፋሃን ከተማ ያለው ቤተ መንግሥት ስሙ «ቼሄል ሶቱን» (አርባ ዓምድ) ነው። ፎቶውን አይቼ ብቆጥር ግን ሃያ ብቻ አገኘሁ። ተሳስቼ ይሆን?

መልስ፦ አልተሳሳቱም። በበረንዳው ላይ ስድስት ስድስት ሆነው በሦስት ረድፍ የቆሙት የእንጨት ዓምዶች 18 ናቸው፤ ሁለቱ ደግሞ ወደ ውስጥ በሚያስገባው በኩል ይገኛሉ። የቀሩትን ሃያ ውሃው ላይ የሚታየው ነጸብራቃቸው ይሞላል፤ ከፊት ለፊት 110 ሜትር ገደማ የሚረዝም ገንዳ ተዘርግቷልና። በፋርስኛ ግን «አርባ» እንዲሁ «ብዙ» ለማለትም ያገለግላል። የጥንታዊቷ የፋርስ ከተማ የፐርሴፖሊስ ፍርስራሽም «ቼሄል ሚናር» (አርባ ማማ) ይባል ነበር፤ በውስጧ ያለው የአፓዳና አዳራሽ ብቻውን 72 ዓምዶች ነበሩት! ስለዚህ የነጸብራቁ ታሪክ ደስ ቢልም ስሙን ሙሉ በሙሉ ለእሱ ባንሰጠው ይሻላል።

አርባውን በዓይን ለማየት ከፈለጉ ጠዋት ይሂዱ፤ በረንዳው ወደ ምሥራቅ ስለሚመለከት ፀሐይ ፊት ለፊት ታበራለታለች። በገንዳው ሩቅ ጫፍ፣ ልክ ጠርዙ ላይ ቁጭ ብለው ካሜራውን ወደ ውሃው ዝቅ ያድርጉት። ብርሃን ውሃውን አግድም ሲነካ ይበልጥ ይንጸባረቃል፤ ቆመው ወደ ታች ካዩ ግን የሚታየው የገንዳው ወለል ነው። ከጠርዙ ወደኋላ ያፈገፈጉ እንደሆነ የጣሪያው ነጸብራቅ ይቆረጣል። ትንሽ ነፋስ ከተነሳ ደግሞ ዓምዶቹ ተሰባብረው ይጠፋሉ፤ ያኔ ከመጠበቅ በቀር መላ የለውም።

ጥያቄ፦ በኢራን፣ ካሻን ከተማ ባለው የፊን የአትክልት ስፍራ ፋውንቴኖች ያለ ሞተር ውሃ የሚረጩት እንዴት ነው?

መልስ፦ በከፍታ ልዩነት። የሱለይማኒያ ምንጭ ውሃ ከአትክልቱ በላይ፣ ተዳፋቱ ላይ ይጠራቀምና በሸክላ ቱቦ ይወርዳል። አንድ ሜትር ከፍታ 0.1 ባር (የግፊት መለኪያ ነው) ያህል ግፊት ይሰጣል። ውሃው በማጠራቀሚያው ካለው የውሃ ከፍታ በላይ መዝለል አይችልም፤ በቱቦው ግድግዳ ሰበቃ የተነሳ እንዲያውም ከዚያ ዝቅ ይላል። በእንዲህ ዓይነት መስመር ቱቦው አንድ ቦታ ከተሰነጠቀ፣ ወይም የአንዱ ፋውንቴን አፍ ከሌሎቹ ከሰፋ፣ መጀመሪያ የሚደክሙት ከእሱ ወዲያ ያሉት ናቸው።