የሻይ እንቁላሉ አስኳል አረንጓዴ ሆነ፤ ልጄን ጎድቼው ይሆን?

ጥያቄ፦ ዶክተር፣ ከባለቤቴ ጋር የምንኖረው ቻይና፣ ጓንግዡ ነው። የአምስት ወር ነፍሰ ጡር ነኝ። የቻይናዎቹን የሻይ እንቁላል (ቅርፊቱ ተሰንጥቆ በሻይና በቅመም መረቅ የሚፈላ እንቁላል) ሠርቼ ቀለሙ እንዲገባበት ድስቱን ምድጃው ላይ አሳደርኩት። ጠዋት አፍልቼ ሁለት በላሁ፤ አስኳሉ ዙሪያውን አረንጓዴ ነበር። ጎረቤቴ «ሻይና እንቁላል ተዋህደው መርዝ ይሆናሉ» አለችኝ። በማግስቱ አንድ ጊዜ ስላስቀመጠኝ ከባለቤቴ የተረፈ ሲፕሮ (አንቲባዮቲክ) ሁለት ፍሬ ዋጥኩ። ዛሬ አራተኛ ቀኔ ነው፤ ደህና ነኝ። ልጄን ጎድቼው ይሆን?

መልስ፦ አይመስለኝም። አንድ ጊዜ አስቀምጦ የተወና ትኩሳት ያላስከተለ ነገር ለልጅዎ አያሰጋኝም።

አረንጓዴውን ይርሱት። እንቁላል ብዙ ሲፈላ ከነጩ የሚወጣው የድኝ ጋዝ ከአስኳሉ ብረት ጋር ይገናኝና ላዩ ላይ ስስ ግራጫ አረንጓዴ ይሠራል፤ ጉዳት የለውም። ሻይም አያስፈልገውም። የዶሮ ወጥ እንቁላል ከፍለው ቢያዩ ብዙ ጊዜ ያገኙታል። የሻይ እንቁላል ደግሞ ሁለት ጊዜ ስለሚበስል ባይኖረው ነበር የሚገርመኝ። ጎረቤትዎ የሰሙት ወሬ መነሻ ግን አለው፤ ሻይ የምግብ ብረት በደንብ ወደ ሰውነት እንዳይገባ ያደርጋል። ስለዚህ የእርግዝና የብረት ክኒንዎን በሻይ አይዋጡ፤ ቢያንስ አንድ ሁለት ሰዓት ያራርቁ። ሻይና እንቁላል ተዋህደው የሚፈጥሩት መርዝ ግን የለም፣ የለም፣ የለም።

ጥፋቱ ድስቱን ማሳደርዎ ነው። ቅርፊቱ የተሰነጠቀ እንቁላል፣ ለብ ያለ መረቅ፣ የጓንግዡ ሙቀት፤ ባክቴሪያ ከዚህ በላይ ምን ይፈልጋል? ጠዋት ማፍላትም አያድንም፤ አንዳንዶቹ የሚተፉት መርዝ ሲፈላ አይጠፋም። ሱቆቹ ቀኑን ሙሉ ድስት ውስጥ ያቆዩታል እንዳይሉኝ፤ በአግባቡ የሚሠሩት ከ60 ዲግሪ በላይ እንደጋለ ነው የሚይዙት።

ሌላ ጊዜ እንዲህ ይሥሩት፦ ስምንት እንቁላል ከፈላ ውኃ ውስጥ 10 ደቂቃ ቀቅለው ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ይክተቱ። በማንኪያ ጀርባ ዙሪያውን ቀስ ብለው ይሰንጥቁ፤ ከተላጠ የእብነ በረድ መልኩ ይጠፋል፣ በኃይል ከተመታ ደግሞ ነጩ ይቀደዳል። አንድ ሊትር ውኃ ውስጥ ሁለት የሾርባ ማንኪያ የሻይ ቅጠል፣ አራት የሾርባ ማንኪያ ሶያ ሶስ፣ አንድ እንጨት ቀረፋና ሁለት ስታር አኒስ (ኮከብ መሳይ ቅመም) ጨምረው፣ እንቁላሎቹንም ከተው በዝግታ 30 ደቂቃ ያንተክትኩ። ሶሱ ራሱ ጨው ነው፤ ሌላ አይጨምሩ። ከዚያ ድስቱን ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ አስቀምጠው ያብርዱና በሁለት ሰዓት ውስጥ ፍሪጅ ይግባ። ቀለሙ እዚያው ያድራል። በሦስት ቀን ይጨርሱት።

ሲፕሮውን ግን ምን ነካዎት? አንድ ጊዜ ላስቀመጠ ሆድ፣ ያውም በእርግዝና፣ የሰው ትራፊ መድኃኒት! ሁለቱ ፍሬ ልጁን ጎዳ ብዬ አልሰጋም፤ ሦስተኛ ግን እንዳይጨምሩ። በእንዲህ ያለ ጊዜ የሚያስፈልግዎ ኦ አር ኤስ (በውኃ የሚበጠበጥ የጨውና የስኳር ዱቄት) ነው።

ሳልሞኔላ የሚባለው በምግብ የሚተላለፍ ባክቴሪያ የሚያመጣው ሕመም እስከ ስድስተኛው ቀን ሊዘገይ ስለሚችል ሁለት ቀን ራስዎን ይጠብቁ። 38 ዲግሪ ትኩሳት፣ ደም ያለበት ሰገራ፣ ውኃ እንኳ የማያስቀር ትውከት፣ የሽንት ማነስ ወይም የሆድ ቁርጠት ከመጣ «ነገ ይሻለኛል» አይበሉ፤ በዚያው ቀን ሆስፒታል ይሂዱ፣ ሲፕሮ መዋጥዎንም ይንገሯቸው።