እንደ ጳጳስ አስበሪ ለመኖር እጮኛዬን ልተው?

ጥያቄ፦ መምህር፣ ሰላም ለእርስዎ ይሁን። ዕድሜዬ ሠላሳ ሊሞላ ነው። መንግሥት መሥሪያ ቤት እሠራለሁ፤ ከደመወዜ በየወሩ ለእናቴ እልካለሁ። ዓምና ሽማግሌ ልኬ ቀለበት አስረናል። ሰሞኑን ግን ስለ ሜቶዲስቱ ጳጳስ ስለ ፍራንሲስ አስበሪ አነበብኩ። ሳያገባ፣ የራሱ ቤት ሳይኖረው፣ 45 ዓመት ያህል በፈረስ እየዞረ ወንጌል ሰብኮ አለፈ። ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ የለኝም። ጳውሎስም ያላገባው የጌታን ነገር ያስባል ይላል። ሥራዬንም እጮኛዬንም ትቼ ልውጣ? ብቀር ጌታን አላሳዝንም?

መልስ፦ በጌታ የተወደድህ ወንድሜ፣ ጸልይበት፣ ጹምበት አልልህም፤ እያደረግህ መሆኑ ያስታውቃል። እኔን ያሳሰበኝ ሌላ ነው። እንዲህ ያለ ጥያቄ ይዘው የሚመጡ ወጣቶች ብዙ ናቸው። አንዱ የሚስዮናዊ ታሪክ አንብቦ፣ ሌላው ኮንፈረንስ ላይ ልቡ ተነክቶ ይመጣል፤ ሐሳቡ ግን ያው ነው። ብዙ የተወ ሰው ለጌታ ብዙ የሰጠ ይመስላቸዋል። የሚተዉት ነገር የማን እንደሆነ ግን አይጠይቁም። አንተም ልትተወው ያሰብከው የብቻህ አይደለም። የአንዲት ልጅ ተስፋ አለበት፤ የእናትህ እንጀራ አለበት።

እስቲ ወደ አስበሪ እንምጣ። በ1745 (ዓመታቱና ቀናቱ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) በእንግሊዝ አገር በበርሚንግሃም አጠገብ ከአትክልተኛ አባት ተወለደ፤ በልጅነቱም የብረት ሥራ ተማረ። በ1771 ሜቶዲስት የተባለው የፕሮቴስታንት እንቅስቃሴ መሥራች ጆን ዌስሊ በብሪስቶል ጉባኤ ላይ ወደ አሜሪካ የሚሄድ ሰው ሲጠይቅ እኔ አለሁ ካሉት አንዱ እርሱ ነበር። ሊሳፈር ሲመጣ በኪሱ ሰባራ ሳንቲም አልነበረውም፤ ልብስና 10 ፓውንድ አዋጥተው የሰጡት ወዳጆች ናቸው። ልብ በል፤ ጉባኤ ጠይቆት፣ ጉባኤ ልኮት ነው የሄደው። በ1784 ገና ሰሞን ሰባኪዎች በባልቲሞር ሲሰበሰቡም፣ ዌስሊ ከእንግሊዝ የላከለትን ሹመት ወንድሞቹ ካልመረጡት እንደማይቀበል ተናገረ። መረጡት። በሦስት ተከታታይ ቀናትም እጅ ተጭኖበት መጀመሪያ ዲያቆን፣ ቀጥሎ ቄስ፣ በመጨረሻም የበላይ ተመልካች (በኋላ ጳጳስ የተባለው ሹመት) ሆነ። «ጌታ ተናግሮኛል» ብሎ ብቻውን ብድግ ያለ ሰው አልነበረም። በአንተ ደብዳቤ ግን መጋቢህ ምን እንዳሉህ፣ እጮኛህ ምን እንዳለችህ አንድ መስመር እንኳ አላገኘሁም።

አስበሪ ለምን እንዳላገባ በ1804 በዕለት ማስታወሻው ጽፎታል። ጋብቻ ለአገልግሎት እንቅፋት ነው ያለ ይመስልህ ይሆናል። እርሱ ግን ዕድሜውን ነው የሚቆጥረው። በ26 ዓመቱ አሜሪካ ገባ፤ ሠላሳ ሲሞላው ወደ አውሮፓ ልመለስ ብሎ ነበር፤ አሜሪካ ከእንግሊዝ ነጻ የወጣችበት ጦርነት መንገዱን ዘጋበት፤ በ39 ዓመቱ ጳጳስ ሆነ። ከዚያ በኋላ በዓመት ካሉት 52 ሳምንታት አንዱን ብቻ ከባሏ ጋር ለመኖር የምትታገሥ ሴት ከየት ትገኛለች ይላል። አስከትሎም የሴትን ፍቅር ተቀብሎ፣ ሚስት አድርጎ፣ ከዚያ በገዛ ፈቃድ ጥሏት መዞር ፍትሕም ቸርነትም አይደለም ብሎ ይጨምራል። እርሱ ሴት ላለመበደል ሳያገባ ቀረ፤ አንተ ደግሞ የእርሱን ስም ጠርተህ ቃል የገባህላትን ልትበድል ተነሥተሃል!

የገንዘቡን ነገር ደግሞ ስማ። የአንድ ተዘዋዋሪ ሰባኪ የዓመት ደመወዝ 64 ዶላር ነበር፤ ጳጳሱም የሚያገኘው ያንኑ ነው። ከዚያችው ቀንሶ እንግሊዝ ላሉት እናቱ እስኪያርፉ ድረስ ረዳቸው። ከእርሳቸው በኋላ የምትተርፈውን ጥቂት ገንዘብ ለመበለቶች፣ አባት ለሌላቸው ልጃገረዶችና ለድሆች ባለትዳሮች መስጠት ግዴታዬ ነው ሲል ጻፈ። በማርቆስ 7 ጌታችን ለአባትና ለእናት የሚገባውን «ቍርባን ነው» (ለእግዚአብሔር የተሰጠ ነው) እያሉ የሚያስቀሩትን እንዴት እንደ ገሠጻቸው ታውቃለህ። የእናትህን ቀለብ አቋርጠህ የምትወጣበትን መንገድ ጌታ አዞኛል ብትለኝ አልቀበልህም።

አስበሪም ቢሆን እንከን አልባ አልነበረም። ሰባኪዎቹ ሲያገቡ ቅር ይለው ነበር፤ ብዙዎቹም በዚያች ገንዘብ ቤተሰብ ማስተዳደር ሲያቅታቸው መዞሩን ትተው አንድ ቦታ ይቀመጡ ነበር። በዚህ እኔ የምወቅሰው ሙሽሮቹን ሳይሆን የምትልካቸውን ቤተ ክርስቲያን ነው። (ወንጌላዊ ገጠር ልከን ልጆቹ ምን በልተው እንዳደሩ የማንጠይቅ እኛም ብንሰማው ደግ ነው።) አስበሪ ባረፈበት በ1816 ጉባኤው ከመረጣቸው ጳጳሳት አንዱ ሮበርት ሮበርትስ ባለትዳር ነበር፤ በኋላም በኢንዲያና ከሚስቱ ጋር በእንጨት ጎጆ እየኖረ በጵጵስናው አገልግሏል። ጳውሎስም ለጢሞቴዎስ ስለ ኤጲስ ቆጶስ ሲጽፍለት የአንዲት ሚስት ባል፣ ቤቱን በመልካም የሚያስተዳድር ይሁን ነው ያለው።

የጠቀስከውን 1ኛ ቆሮንቶስ 7ንም ከላይ ጀምረህ አንብበው። ቁጥር 7 ላይ እያንዳንዱ ከእግዚአብሔር የተቀበለው የራሱ ስጦታ እንዳለው ይናገራል፤ ቁጥር 35 ላይ ደግሞ ይህን የሚለው ሊያጠምዳቸው እንዳልሆነ ይገልጻል። ሳያገቡ የመኖር ስጦታ ቢኖርህ ሽማግሌ ከመላክህ በፊት በታወቀህ ነበር። አንድ ታሪክ አንብቦ በሳምንት ውስጥ የመጣ ሐሳብ ስጦታ ነው ለማለት እቸገራለሁ።

ከእርሱ ልትወስድ የምትችለው መጽናቱን ነው። በጦርነቱ ዘመን ሌሎቹ እንግሊዛውያን ሰባኪዎች ወደ አገራቸው ሲመለሱ እርሱ ምእመናኑን ጥሎ አልሄደም፤ በደላዌር በአንድ ዳኛ ቤት ተሸሽጎ ክፉውን ቀን አሳለፈ። መጋቢት 24 ቀን 1816 በሪችመንድ ሰውነቱ አልቆ መቆም ተስኖት ሳለ ተሸክመው ቤተ ክርስቲያን አስገቡት፤ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጦ ሰበከ፤ በሳምንቱ አረፈ። አብሬያችሁ እሆናለሁ ያላቸውን አልተወም። አንተም «እሺ» ያልካት ሴት አለችህ።

እንግዲህ ይህን አድርግ። በዚህ ሳምንት ለእጮኛህ ሸክምህን ሁሉ ንገራት፤ ሳትደብቅ፣ ውሳኔም ሳታስቀድም። ለእርሷም ጥሪ ይኖራት ይሆናል፤ ጠይቀሃት ታውቃለህ? ቀጥለህ ሁለታችሁም መጋቢያችሁ ዘንድ ቅረቡ። የሥራ መልቀቂያ ጽፈህ ከሆነ አታስገባው። ቤተ ክርስቲያናችሁ ወደ ገጠር የምትልከው ቡድን ካላት ደግሞ የዓመት ፈቃድህን ወስደህ ተመዝገብ፤ ከሠርጉ በኋላም አብራችሁ ውጡ። መጋቢህ የሚሉህን ጻፍልኝ።