ኮፈኖው አልከፈት ሲል

ጥያቄ፦ ሰላም ጋሼ፣ ዓምድዎን ሁልጊዜ አነባለሁ። የ2002 ሞዴል ቪትዝ አለችኝ፤ ከአያት ቦሌ እየተመላለስኩ እንጀራዬን የማበስልባት እሷ ነች። ሰሞኑን ዘይት ልይ ብዬ የኮፈኖውን እጀታ ስስብ ቀጭ አለና እጀታው ላላ ብሎ ቀረ። አሁን ብስበው ባዶ ነው፣ ምንም አይዝም። ሰፈር ያለ ጋራዥ ወሰድኳት። “ካቦው ተበጥሷል፤ በፌሮ ፈልቅቀን እንከፍተውና ባትላሜራ ያስተካክለዋል” አሉኝ። ልቤ እሺ አላለኝም፣ ይዣት ተመለስኩ። ሌላ መላ የለውም? ዘይቱን ካየሁት ሰንብቷል።
*የቪትዝ ባለቤት፣ ከአያት*

መልስ፦ ይዘሃት መመለስህ ደግ አደረግክ። ኮፈኖ በፌሮ አይከፈትም። ጠርዙ ስስ ላሜራ ነው። አንዴ ከተጣመመ ባትላሜራው ምንም ጎበዝ ቢሆን ከፓራፋንጎው (ከፊት ጎማው በላይ ካለው የጎን ላሜራ) ጋር እንደ ድሮው መግጠሙ ያጠራጥራል። ቀለሙ ደግሞ ሌላ ወጪ ነው። ከሁሉ የሚያናድደኝ ግን ፌሮው ቁልፉን አለመክፈቱ ነው። ቁልፉ ያለው ከፊት መሃል ላይ፣ ከራዲያተሩ በላይ ነው። ጠርዙን ቢፈለቅቁት ላሜራው ይታጠፋል እንጂ መንጠቆው እንደነከሰ ይቆያል። አንድ ተራ ካቦ በተበጠሰ ቁጥር የሰው መኪና የሚያበላሹ ባለሙያዎች ቢተዉት ደስ ይለኛል።

ከሁሉ በፊት ግን መኪናዋን አቁማት። ዘይቱ የማይታይ፣ ውሃው የማይታይ ሞተር ይዘህ ሥራ አትውጣ። የዘይት መብራት ከበራች ወይም የሙቀት መለኪያው ከፍ ካለ ኮፈኖውን ከፍተህ ልታድናት አትችልም።

አሠራሩን ካወቅከው ሥራው ይቀልልሃል። እጀታውን ስትስብ የሚንቀሳቀሰው ቀጭን የብረት ሽቦ ነው። በፕላስቲክ ልባስ ውስጥ ሆኖ ከዳሽቦርዱ ሥር ይነሳል። ሞተሩን ከተሳፋሪው የሚለየውን ግድግዳ በጎሚኒ በኩል ያልፋል። ከዚያ በፓራፋንጎው የውስጥ ጠርዝ ይሄድና ከፊት ቁልፉ ላይ ካለች ትንሽ ምላስ ጋር ይያያዛል። ምላሷ ስትሳብ ዋናው መንጠቆ ይለቃል፤ ስፕሪንጉም ኮፈኖውን ሁለት ሦስት ሴንቲ ሜትር ብድግ ያደርገዋል። ሁለተኛው መንጠቆ፣ ያ በጣትህ የምትገፋው፣ ከካቦው ጋር ግንኙነት የለውም። ስለዚህ የእኛ ሥራ አንድ ብቻ ነው፤ ያቺን ምላስ በሆነ መንገድ መሳብ።

አሁን የት ጋ እንደተበጠሰ እንፈልግ። መጀመሪያ የምናየው እጀታው ጋ ነው፤ ምክንያቱም ሽቦው በተሳበ ቁጥር የሚታጠፈው እዚያ ነው። በሩን ክፈትና መሬት ላይ ተንበርከክ፤ በባትሪ ከዳሽቦርዱ ሥር እይ። መሪዋ ከቀኝ ወደ ግራ የዞረች ቪትዝ ከሆነች እጀታው በቀኝ በኩል ቀርቶ ሊሆን ይችላል፤ ያኔ የካቦው መንገድም በቀኝ ነው። እጀታውን የያዙትን ብሎኖች ፍታና ወደ ራስህ አውጣው። የተፈታተለ የሽቦ ጫፍ ካየህ እፎይ በል፤ በጣም ቀላሉ ብልሽት ይሄ ነው። አንዳንዴ እንዲያውም ሽቦው ደህና ሆኖ የተሰበረው የእጀታው ፕላስቲክ ብቻ ይሆናል።

ጫፉን በፒንሳ አጥብቀህ ያዝ። ነክሶ የሚቀረው ዓይነት ፒንሳ ቢገኝ ይመረጣል። እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚሳሳተው ሽቦውን ብቻ መሳቡ ነው። እጀታው ከቦታው ስለወጣ ልባሱን የሚደግፈው ነገር የለም፤ ሽቦውን ስትስብ ልባሱም አብሮ ይመጣና ፊት ያለችው ምላስ አትነቃነቅም። በአንድ እጅህ ልባሱን ወደ ግድግዳው ገፍተህ ያዝ፣ በሌላው ሽቦውን ቀጥ አድርገህ ሳብ። ሌላ ሰው ደግሞ ከፊት ቆሞ ኮፈኖውን መሃሉ ላይ፣ ከቁልፉ በላይ፣ በሁለት መዳፉ ጫን ለቀቅ ያድርግልህ። ሲጫነው መንጠቆው ላይ ያለው ውጥረት ይቀንሳል፤ አንተ የምትስበው ያኔ ነው። ተናበባችሁ ከሠራችሁ ጓ ብሎ ይነሳል።

ጫፉ ልባሱ ውስጥ ገብቶ ከተሰወረ ልባሱን በጥንቃቄ አራት አምስት ሴንቲ ሜትር ቆርጠህ ሽቦውን አውጣው። ካቦው ለማንኛውም ይጣላል፣ አትሳሳለት።

ሽቦው ያለምንም ትግል ተስቦ ከወጣ ግን የተበጠሰው ወደ ፊት ነው። የወጣውን አትጣለው፤ ርዝመቱ የት ጋ እንደተበጠሰ ይነግርሃል። ከእጀታው ጀምረህ የካቦውን መንገድ በግምት ለካው። ፓራፋንጎው ጋ ከሆነ በዚያ በኩል ያለውን የፊት ጎማ አዙርና ከጎማው በላይ ያለውን የጭቃ መከላከያ ፕላስቲክ ከፊት በኩል ያሉትን ክሊፖች ብቻ ንቀል። እጅ የምታስገባ ቀዳዳ ታገኛለህ። ካቦውን በዳሰሳ አግኝተህ ልባሱን ቆርጠህ የቀረውን ሽቦ ከዚያ ሳብ።

ቁልፉ ጋ ከተበጠሰ ሁለት መንገድ አለ። በፊት ግሪሉ ክፍተት ረጅም ካቻቢቴ አስገብቶ ምላሷን መግፋት፤ ወይም ከሥር ያለውን መከላከያ ፈትቶ ከታች መድረስ። ምላሷ የምትገፋው ካቦው ወደመጣበት አቅጣጫ ነው። ወዲያና ወዲህ እያልክ አትነካካ። ከግሪሉ ጀርባ መጀመሪያ የምታገኘው የኤሲው ኮንደንሰር ነው፤ ስስ አልሙኒየም ነው፣ ከኋላው ደግሞ ራዲያተሩ አለ። ካቻቢቴው ካመለጠህ አንዱን ትበሳለህ፤ ያኔ የካቦው ነገር ይረሳል። ወፍራም ካርቶን ቆርጠህ በመሃል አስገባ። ጥሩ ባትሪ ከሌለህና ምላሷን በዓይንህ ካላየሃት ይሄን መንገድ ተወው።

ከሥር ለመግባት መኪናዋን በክሪክ ብቻ አንስተህ አትግባ። ይሄን ሁሌም እላለሁ፣ አሁንም እላለሁ። ክሪክ ማንሻ እንጂ ማቆሚያ አይደለም። ጠንካራ ማቆሚያ ከሌለህ ቦይ ያለው ጋራዥ ሂድ። ሞተሩ ቀዝቅዞ፣ የሞተር ማስነሻ ቁልፉ ከመኪናዋ ወጥቶ ይሁን። የራዲያተሩ ቬንትሌተር በኤሌክትሪክ የሚሠራ ስለሆነ ሞተሩ ከጠፋ በኋላም ሊነሳ ይችላል፤ ጣት የሚቆርጥ ነገር ነው።

ተከፈተ እንበል። ደስ ብሎህ ጧ አድርገህ እንዳትዘጋው! ዘይቱንና ውሃውን እይ፣ ከዚያ ቁልፉን ተመልከት። ጋራዣችን ካቦ ተበጥሶ የሚመጣው አብዛኛው መኪና ቁልፉ ደረቅ ነው። የበጋ አቧራና የድሮ ግሪስ ተጋግረው እንደ ሙጫ ሆነዋል። መንጠቆው በቀላሉ አይለቅም፤ ባለቤቱ እጀታውን በኃይል ይስባል፤ ሽቦው በየቀኑ አንድ አንድ ክር ይቆረጥበታል። ቁልፉን ሳታጸዳ አዲስ ካቦ ብታስገባ ያንኑ ገንዘብ ሁለተኛ ታወጣለህ። ስለዚህ ቁልፉን በብሩሽና በነጭ ጋዝ እጠበው፣ አድርቀው፣ የሚንቀሳቀሰውን ሁሉ አዲስ ግሪስ ቀባው። ይሄን ክረምቱ ሳይገባና መስከረም ላይ ማንኛውም መኪና ቢያገኝ ጥሩ ነው። አሥር ደቂቃ አይፈጅም።

ካቦውን ሶማሌ ተራ ታገኛለህ። አሮጌውን ይዘህ ሂድ፣ ርዝመቱንና የሁለቱን ጫፎች ቅርጽ ጎን ለጎን አስተያይ። ያገለገለ አትግዛ፤ እሱም እንዳንተው ካቦ አርጅቷል። አዲሱን ለማስገባት አሮጌውን ልባስ ዝም ብለህ መዘህ አታውጣው። ጫፉ ላይ ሲባጎ እሰርና ሳበው፤ ሲባጎው በመንገዱ ሲቀር አዲሱን ካቦ በእሱ ትስባለህ። ግድግዳው ላይ ያለው ጎሚኒ በደንብ ቦታው ይግባ፤ አለበለዚያ የክረምት ውሃ እግርህ ሥር ይገባል። አዲሱ እስኪገኝ አንዳንድ ባለሙያ የሳይክል ፍሬን ሽቦ ያስገባል። ለጥቂት ቀን ይሁን፣ አልቃወምም፤ እዚያው እንዲቀር ግን አትፍቀድ።

ከመዝጋትህ በፊት ይሄን አድርግ። ኮፈኖው ተከፍቶ እንዳለ የካቻቢቴውን ብረት የኮፈኖው ቀለበት በሚገባበት ቦታ አስገባና ወደ ታች ጫን። ቁልፉ ቀጭ ብሎ ካቻቢቴውን ይነክሰዋል። አሁን ገብተህ እጀታውን ሳብ። ካቻቢቴው ከተለቀቀ ካቦው ይሠራል፣ ዝጋው። ካልተለቀቀ ኮፈኖው ክፍት እያለ ስላወቅከው ምንም አልተጎዳህም፤ አስተካክለህ ድገመው።

ጥያቄ፦ ጋሼ ሰላም ነዎት? የምኖረው ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ ነው። ሌሊት ስለምሠራ መኪናዬ ውጭ ታድራለች። በረዶ ሲመጣ የኮፈኖው እጀታ ድርቅ ብሎ አልሳብ ይለኛል። ካቦው ሳይበጠስ ምን ላድርግ? ደግሞ አንዳንዴ ኮፈኖው በደንብ የተዘጋ አይመስለኝም።
*እህትዎ፣ ከሜሪላንድ*

መልስ፦ እህቴ፣ በጣም በጊዜ ጠይቀሻል። እጀታው ከጠነከረ በኃይል አትሳቢው። ቁልፉ ውስጥ በረዶ ይዞ ሊሆን ስለሚችል አንድ ሰው ኮፈኖውን ከፊት ጫን ለቀቅ እያደረገልሽ ቀስ ብለሽ ሞክሪ። የፈላ ውሃ እንዳታፈሺበት፤ ወዲያው መልሶ ይረጋል፣ መስታወቱን ከነካም ሊሰነጥቀው ይችላል። እዚያ አገር መንገድ ላይ የሚበተነው ጨው ደግሞ ቁልፉን ዝገት ያስገባዋል። በረዶው ሲያልፍ ከፊትና ከሥር አሳጥቢያት፤ ቁልፉንም አጽድተሽ ግሪስ አስቀቢው።

“በደንብ የተዘጋ አይመስለኝም” ያልሽው ግን ከካቦው የበለጠ ያሳስበኛል። በሀይዌይ ፍጥነት ንፋስ ኮፈኖውን ከሥር ካገኘው ገልብጦ መስታወቱ ላይ ይለጥፈዋል፤ መንገዱ አይታይሽም። አሜሪካ ውስጥ የመኪና ደህንነት ደንብ ቁጥር 113 ከ1969 ጀምሮ ከፊት በኩል የሚከፈት ኮፈኖ ሁለተኛ መያዣ እንዲኖረው ያስገደደው ለዚህ ነው። ያ ሁለተኛ መንጠቆ ከዛገ ክፍት ሆኖ ሊቀር ይችላል። ኒሳን ከ2013 እስከ 2018 ባሉት የአልቲማ ሞዴሎች ላይ በዚሁ ምክንያት መኪኖቹ ለጥገና እንዲመለሱ ጥሪ አድርጎ ነበር። መኪናሽ የየትኛውም ኩባንያ ብትሆን የሻሲ ቁጥሯን የአገሪቱ የመንገድ ደህንነት መሥሪያ ቤት ድረ ገጽ ላይ አስገቢና እዪ። ጥሪ ካለባት ጥገናው በነፃ ነው። እስከዚያው ከመንዳትሽ በፊት ኮፈኖውን ከጠርዙ ወደ ላይ ሳብ አድርገሽ ፈትሺ። ብድግ ካለ አልተዘጋም። ያኔ መልሰሽ ዝጊው፤ አልይዝ ካለ አትንጂያት።

ጥያቄ፦ ይድረስ ለዓምዱ አዘጋጅ። ከአባቴ የወረስኳት የ1965 ሞዴል ቮልስ አለችኝ። የፊት ኮፈኖው ካቦ መላላት ጀምሯል። ሞተሯ ከኋላ ስለሆነ ብተወውስ?
*ከአዳማ*

መልስ፦ አይተዉት፣ ጌታዬ። እርስዎ ዘንድ ያለችው ቮልስ ሞተሯ ከኋላ ቢሆንም ቤንዚን የሚሞላው ከፊት ኮፈኖው ሥር ነው። የቤንዚን ክዳኑ ወደ ውጭ የወጣው ከ1968 ሞዴል ጀምሮ ነው። ካቦው ከተበጠሰብዎት ቤንዚን አይቀዱም፣ ተጠባባቂ ጎማዎንም አያወጡም። አሁን እየሠራ ሳለ ኮፈኖውን ክፍት አድርገው ካቦውን ያስለውጡ። ቁልፉ ጋ ሽቦውን የሚይዘውን ትንሽ ብሎንም ያስጠብቁት፤ አንዳንዴ የላላው እሱ ብቻ ይሆናል። እግረ መንገድዎን ቁልፉ ላይ ሌላ ተጨማሪ ሽቦ አስረው ጫፉን ከሥር፣ ከውጭ በማይታይ ቦታ ይደብቁት። የቮልስ ባለቤቶች ከጥንት ጀምሮ የሚያደርጉት ነው። ሥራው እስኪያልቅ ኮፈኖውን አይዝጉት፤ መዝጋት ግድ ከሆነብዎት ደግሞ አስቀድመው ታንኩን ይሙሉ።