የሳኦ ፓውሎ ሜትሮፖሊታን አካባቢ ከንቲባ ማነው ላልከው

ከንቲባ የለውም፤ ፈልገህ ያጣኸው ለዚህ ነው። አካባቢው፣ ማለትም ሳኦ ፓውሎ ከተማና በዙሪያው ያሉት ከተሞች፣ እ.ኤ.አ. በ1973 በብራዚል ፌዴራል ሕግ የተዋቀረ ሲሆን ዛሬ 39 ማዘጋጃ ቤቶችን ይይዛል። እያንዳንዱ የራሱ ከንቲባና ምክር ቤት አለው። የጋራ ጉዳያቸው የሚያዘው በሳኦ ፓውሎ ግዛት መንግሥት በኩል ነው። ለጽሑፍህ የግዛቱን ገዥና የየከተሞቹን ከንቲባዎች ለየብቻ ጥቀስ።

በአውቶቡስ ብታየው ቶሎ ይገባሃል። ከተማው ውስጥ ብቻ የሚመላለሰው በማዘጋጃ ቤቱ ሥር ነው። የከተማውን ድንበር ተሻግሮ ጎረቤት ከተማ ጓሩልሆስ የሚገባው ግን የግዛቱ ጉዳይ ነው። ትልቁ ዓለም አቀፍ አውሮፕላን ማረፊያ ራሱ ያለው እዚያው ጓሩልሆስ፣ ሌላ ከንቲባ ዘንድ ነው።

አደራ፣ የሕዝብ ቁጥር ስትጽፍ ተጠንቀቅ። ግዛቱም ስሙ ሳኦ ፓውሎ ነው። ከተማው 11 ሚሊዮን ገደማ፣ ሜትሮፖሊታኑ ከ20 ሚሊዮን በላይ፣ ግዛቱ ከ44 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ አለው። እኔ አደባልቄያቸው አንድ ሙሉ ሠንጠረዥ እንደገና ሠርቻለሁ።