«አላየሁም» እና «የለም»፦ ስለ ወባ ስላይድ ለጠየቃችሁኝ

ክረምቱ ሲወጣ፣ ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ፣ የቆላ ጤና ጣቢያዎች ላብራቶሪ በር ላይ ሰልፉ ይረዝማል። እኔም ብዙ ዓመት ያሳለፍኩት እዚያ ሰልፍ ማዶ፣ ማይክሮስኮፕ ላይ ተጎንብሼ ነው። ስለ ወባ ምርመራ የምትፈልጉትን ጠይቁኝ ብዬ ነበር። ከተማሪም፣ ከባለሙያም፣ ከእናቶችም ጥያቄ መጣ። እንደ አመጣጣቸው እመልሳለሁ።

የላብራቶሪ ተማሪ ነኝ። ቲክ ፊልምና ቲን ፊልም ሁለቱም ለምን ያስፈልጋሉ? አንዱ አይበቃም?

ቲክ ፊልም፣ ማለትም ስላይዱ (መስታወቱ) ላይ ወፍራም ሆኖ የተቀባው ደም፣ «ወባ አለ ወይ?» ለሚለው ነው። ቲን ፊልም፣ ስሱ ቅብ፣ ደግሞ «የትኛው ወባ?» ለሚለው። ቲክ ላይ ደሙ ተደራርቦ ይቀመጣል። ጊምሳው (ማቅለሚያው) ውስጥ ያለው ውኃ ቀይ የደም ሴሎቹን ያፈነዳቸዋል። የሚቀሩት ፓራሳይቶቹ (የወባ ተሕዋስያኑ)፣ ነጭ የደም ሴሎችና ፕሌትሌቶች (ደም የሚያረጉ ቅንጣቶች) ናቸው። ስለዚህ በአንድ ፊልድ፣ ማለትም በሌንሱ በአንድ ጊዜ በሚታየው ክብ፣ ብዙ ደም ታያለህ። ቲን ላይ ደሙ ስስ ነው፤ ሴሉ ግን ሳይፈነዳ ይቆያል። ፓራሳይቱ የተቀመጠበት ሴል አድጓል ወይስ አላደገም? ነጠብጣብ አለው ወይስ የለውም? ይህን የሚያሳይህ ቲን ፊልም ብቻ ነው።

ሜታኖል፣ ሴሎቹን እንዳይፈነዱ የሚያጸናው አልኮል፣ የሚነካው ቲን ፊልሙን ብቻ ነው። ቲኩን ከነካው ሴሎቹ አይፈነዱም፤ ከዚያ ቀይ ግድግዳ እንጂ ሌላ አታይም። ሁለቱን አንድ ስላይድ ላይ ስትሠራ፣ ቲክ ፊልሙ ከላይ እንዲሆን አድርገህ ያዝ። የሜታኖሉ ትነት እንኳ ሊጎዳው ይችላል።

ቆላ ውስጥ ጤና ጣቢያ እሠራለሁ። ቲክ ፊልሜ ሲታጠብ ተልጦ ይሄድብኛል። ሌላ ቀን ደግሞ ሁሉ ነገር ሰማያዊ ይሆንብኛል።

እህቴ፣ ይህ ጥያቄ በጣም ደስ ብሎኛል። ብዙ ሰው ጥፋቱን ዓይኑ ላይ ይፈልጋል። ጥፋቱ ግን አብዛኛውን ጊዜ ዝግጅቱ ላይ ነው።

ከጣት እንጀምር። የአልኮሉ እርጥበት ሳይደርቅ አትውጊ። የመጀመሪያውን ጠብታ ጥረጊው፤ ቀጥሎ በሚመጣው ሥሪ። ስላይዱ ቅባት ካለው ደሙ አይዝም፤ ስለዚህ ሁልጊዜ ጠርዙን ብቻ ያዢ። ቲክ ፊልሙ ከመጠን በላይ ከወፈረ ይላጣል። መለኪያው ቀላል ነው፦ ስላይዱን ጋዜጣ ላይ አስቀምጪው። በደሙ ውስጥ ፊደሉ ለትንሽ የሚነበብ ከሆነ ልክ ነው። ስፋቱም 1 ሳንቲ ሜትር ያህል ይበቃል።

ከዚያ ማድረቅ ነው። ጠፍጣፋ ቦታ ላይ፣ በራሱ ጊዜ ይድረቅ። ወረፋው ስለረዘመ ፀሐይ ላይ ወይም እሳት አጠገብ የሚያደርጉ አሉ። ሙቀቱ ቲኩን እንደ ሜታኖል ያጸናዋል፤ በኋላ ሴሎቹ አይፈነዱም። የቆላ ሙቀት ራሱ ስላይድ ሲያድር ይህን ያደርጋል። ስለዚህ ስቴይኑን (ማቅለሙን) ለነገ አታሳድሪ። ዝንብና ጉንዳንም አትርሺ። ደሙን ይበሉታል፤ ክፍት አድሮ ጠዋት ላይ ተቦርቡሮ ያገኘሁት ስላይድ ብዙ ነው። ሣጥን ውስጥ አስገቢው።

ሰማያዊው ነገር ከውኃው ነው። ፒ ኤቹ (የአሲድነቱ መለኪያ) 7.2 መሆን አለበት። ከዚያ በጣም ከፍ ካለ ሁሉ ነገር ሰማያዊ ይሆንብሻል። ዝቅ ካለ ሮዝ ይሆንና ቫይቫክስ የተባለው የወባ ዓይነት የሚለይበት ነጠብጣብ ይጠፋል። የቧንቧ ውኃ ቀድቶ ጊምሳ መበጥበጥ የአካባቢውን ውኃ ዕድል መሞከር ነው። ፒ ኤቹን የሚያስተካክለው በፈር ታብሌት ካለሽ ተጠቀሚ። 10 በመቶ ጊምሳ ለ10 ደቂቃ ለአጣዳፊ ሰው ይሆናል። ብዙ ስላይድ ካለና ጊዜ ካገኘሽ 3 በመቶ ለ30 እስከ 45 ደቂቃ ይሻላል፤ ጥራቱ ይለያል። የበጠበጥሽውን ለነገ አታስቀምጪ። ስታጥቢም ውኃውን ፊልሙ ላይ በቀጥታ አትልቀቂው። ከስላይዱ ጠርዝ በኩል ቀስ ብሎ ይፍሰስ።

ሁለቱ የወባ ዓይነቶች፣ ፒ ኤፍ (ፋልሲፓረም) እና ፒ ቪ (ቫይቫክስ)፣ ይምታቱብኛል። በተለይ ሪንግ ብቻ ሳይ።

ሪንግ፣ ማለትም ቀለበት የመሰለውን ለጋ ፓራሳይት፣ ብቻ ስታይ መምታታቱ የሁላችንም ነው። ስለዚህ አንድ ሪንግ አይተህ አትወስን። ስላይዱን በሙሉ እንደ አንድ መንደር እየው፤ ማን ማን እንደሚኖርበት ተመልከት።

ፋልሲፓረም ያለበት ቲክ ፊልም አንድ ዓይነት ነው። ቀጫጭን፣ ትናንሽ ሪንጎች፣ በዕድሜ የሚመሳሰሉ። ሌሊት የጠራ ሰማይ ላይ ኮከብ የምታይ ይመስልሃል። ሌላ ዕድሜ ላይ ያለ ፓራሳይት ብዙም አታገኝም። ምክንያቱ፣ ያደገው ፓራሳይት የያዘው ሴል በውስጥ አካላት ትናንሽ ደም ሥሮች ግድግዳ ላይ ተጣብቆ ይቀራል፤ ወደ ጣት ደም አይመጣም። አልፎ አልፎ ደግሞ ሙዝ የመሰለው ጋሜቶሳይት (ወደ ትንኝ የሚተላለፈው የፓራሳይቱ ደረጃ) ይኖራል። እሱን ካየህ ክርክሩ አለቀ። ቲን ፊልም ላይ ሴሉ አላደገም። በአንድ ሴል ሁለት ሦስት ሪንግ፣ ሁለት ክሮማቲን (ቀይ ነጥብ) ያለው ሪንግ፣ ሴሉ ጠርዝ ላይ የተለጠፈ ሪንግ ካየህ ወደ ፋልሲፓረም አዘንብል።

ቫይቫክስ የተቀላቀለ ዕድሜ ነው። ሪንግ አለ፣ ትሮፎዞይት (ያደገው ፓራሳይት) አለ፣ ሺዞንት (ለመባዛት የተከፋፈለው) አለ፣ ክብ ጋሜቶሳይት አለ፤ ሁሉም አንድ ስላይድ ላይ። ትሮፎዞይቱ ቅርፅ የለውም፤ እንደ ተቀደደ ጨርቅ ወዲያና ወዲህ ይበታተናል። ቲን ላይ ሴሉ ከጎረቤቶቹ ይበልጣል፤ ውስጡም ሮዝ ነጠብጣብ ይሞላዋል። ይህ የሹፍነር ነጠብጣብ ነው። ቲክ ላይ ደግሞ የፊልሙን ጠርዝ፣ ሳሳ ያለውን ቦታ ፈልግ። በፓራሳይቱ ዙሪያ ፈዘዝ ያለ ሮዝ ጥላ ታያለህ። የፈነዳው ሴል ጥላ ነው። ይህን ከለመድክ ቲክ ላይ ብቻ ቫይቫክስን ትጠረጥራለህ።

ለምን ይህን ያህል እደክምበታለሁ? በአገራችን ዋናዎቹ እነዚህ ሁለቱ ናቸው፤ መድኃኒታቸውም ይለያያል። ለፋልሲፓረም ኮአርተም ነው። ለቫይቫክስ ክሎሮኪን፣ ከዚያም ጉበት ውስጥ የተኛውን ለማጥፋት ለ14 ቀን ፕሪማኪን። አንተ «ፒ ኤፍ» ብለህ ስትጽፍ፣ ያ ሰው ፕሪማኪኑን ለ14 ቀን ላያገኝ ይችላል። ከወራት በኋላ እንደገና ይታመማል፤ ወባው አዲስ ይመስለዋል። አንዱን ካገኘህም በኋላ አታቁም። ሁለቱ አብረው የሚገኙበት ስላይድ አለ።

ነጋቲቭ ለማለት ስንት ፊልድ ማየት አለብኝ? ወረፋው ሲበዛ 100 አይቻልም።

ቢያንስ 100 ፊልድ፣ ቲክ ፊልም ላይ፣ በ100ው ሌንስ ከኦይል ጋር። ወረፋውን አውቀዋለሁ። ቢሆንም አንድ ነገር ልንገርህ።

ሥራ በጀመርኩ ሰሞን ነው። ቀኑ የገበያ ቀን ነበር፤ ሰው ሞልቷል። የአንዲት ልጅ ስላይድ ላይ 20 ፊልድ ያህል አየሁ። ምንም የለም። «ነጋቲቭ» ጻፍኩ። በሦስተኛው ቀን ልጅቷ ራሷን ስታ በአልጋ ተሸክመዋት መጡ። አዲስ ስላይድ ሲሠራ ሪንግ በሪንግ ነበር። አለቃዬ ምንም ሳይናገር የቀድሞውን ስላይድ ከሣጥን አወጣና አየው። ቆጠረ። በ60ዎቹ ፊልዶች አካባቢ ጠራኝ፤ «ና እየው» አለ። ሪንጉ እዚያ ነበር። ልጅቷ ተርፋለች፤ ስሟን ግን አልረሳሁትም።

«አላየሁም» እና «የለም» አንድ አይደሉም። 20 ፊልድ አይተህ የምትጽፈው «አላየሁም» ነው። ሐኪሙ የሚያነበው ግን «የለም» ብሎ ነው። ፖዘቲቭ ስላይድ ራሱ ይናገራል፤ ቶሎ ያልቃል። ጊዜ የሚፈልገው ነጋቲቩ ነው። ወረፋው ከአቅምህ በላይ ከሆነ ለኃላፊህ ንገር፣ ሰው ጠይቅ። ፊልድ አትቀንስ።

ፓራሳይት ቆጠራ እንዴት ነው? እኛ ፕላስ ነው የምንጽፈው።

ፕላስ ይፈጥናል፤ ግን ሻካራ ነው። ሦስት ፕላስ ማለት በአንድ ፊልድ ከ1 እስከ 10 ነው። 1 እና 10 ለታማሚው በጣም ይለያያሉ።

ቆጠራው እንዲህ ነው። ቲክ ላይ ነጭ የደም ሴልና ፓራሳይት ጎን ለጎን ቁጠር። 200 ነጭ ሴል ስትደርስ 100 ወይም ከዚያ በላይ ፓራሳይት ካገኘህ አቁም። 99 ወይም ከዚያ በታች ከሆነ እስከ 500 ነጭ ሴል ቀጥል። የፓራሳይቱን ቁጥር በ8000 (በአንድ ማይክሮሊትር ደም ይኖራል ተብሎ በሚገመተው የነጭ ሴል ቁጥር) አባዛ፤ ለቆጠርከው ነጭ ሴል አካፍል። በ200 ነጭ ሴል 150 ካገኘህ፣ በአንድ ማይክሮሊትር 6000 ነው። የጀመርከውን ፊልድ ሳትጨርስ አታቁም።

ጋሜቶሳይት እዚህ ቁጥር ውስጥ አይገባም፤ ለብቻው ይጻፋል። የፋልሲፓረም ጋሜቶሳይት ሰውየው ከዳነም በኋላ ለሳምንታት ሊታይ ይችላል። እሱን ከሪንግ ጋር ቆጥሮ «መድኃኒቱ አልሠራም» ማለት ትልቅ ስህተት ነው።

ልጄ ትኩሳት ነበረው። ላብራቶሪ «ወባ የለም» አሉኝ። ማታ ተመልሶ አተኮሰው። ተሳስተው ነው?

እናቴ፣ ላይሳሳቱ ይችላሉ። በሽታው ገና ሲጀምር ደም ውስጥ ያለው ፓራሳይት በጣም ጥቂት ሊሆን ይችላል። ቤት ውስጥ የተረፈ የወባ መድኃኒት ቀምሶ ከሆነም ይደበቃል፤ ከሆነ ለባለሙያው ይንገሩ። ትኩሳቱ ሌላ በሽታም ሊሆን ይችላል። በ12 ወይም በ24 ሰዓት ውስጥ እንደገና ያስመርምሩት። አንዴ ነጋቲቭ ወጣ ተብሎ አይቀመጥም። ልጁ ከተንቀጠቀጠ ወይም ራሱን ከሳተ፣ መጥባት ወይም መጠጣት ካቃተው፣ ያስገባውን ሁሉ ካስመለሰ፣ ከደከመና ካንቀላፋ ግን ሌሊትም ቢሆን አሁኑኑ ይውሰዱት።

አር ዲ ቲ (ፈጣኑ የወባ መመርመሪያ) ካለ ማይክሮስኮፕ ለምን ያስፈልጋል?

አር ዲ ቲ መብራት በሌለበት ጤና ኬላ ብዙ ሕይወት አትርፏል፤ አልቃወመውም። ነገር ግን አብዛኛው ፋልሲፓረምን የሚፈልገው ኤች አር ፒ 2 በሚባል ፕሮቲን ነው። ያንን ፕሮቲን የሚሠራው ዘረ መል የጠፋባቸው ፓራሳይቶች በኤርትራም በኢትዮጵያም ተገኝተዋል። እነሱን እንዲህ ያለው አር ዲ ቲ ሊያልፋቸው ይችላል። ማይክሮስኮፕ ላይ ግን ሪንጉ ሪንግ ነው። ሌላም አለ፦ ፕሮቲኑ ወባው ከተፈወሰ በኋላም ለሳምንታት ደም ውስጥ ስለሚቆይ፣ አር ዲ ቲው የዳነን ሰው ፖዘቲቭ ሊለው ይችላል።

ቲክ ፊልም ላይ እንደ ሽቦ የተጠማዘዘ ነገር አየሁ። ምንድነው?

በሴሎቹ መካከል፣ ቀጭን፣ ሐምራዊ ጥምዝ ከሆነ የግርሻ ትኩሳት ነው፤ ቦሬሊያ የተባለው ባክቴሪያ። ወባ ስንፈልግ ብዙ ጊዜ እሱን አግኝተናል። ወዲያው ለሐኪሙ ንገሪ። መድኃኒቱ ሲጀመር ታማሚው በድንገት ሊብስበት ስለሚችል በቅርብ መከታተል ይፈልጋል።

ፕሌትሌትን ከፓራሳይት እንዴት ልለይ?

ፓራሳይት ሁለት ቀለም አለው፤ ቀይ ክሮማቲን፣ ሰማያዊ ሳይቶፕላዝም። ሁለቱን በአንድነት ካላየህ ፓራሳይት አትበል። ፋይን ፎከሱን ወዲህ ወዲያ አድርገው። የስቴይን ቆሻሻ ከደሙ በላይ በሌላ ከፍታ ላይ ይቀመጣል።

ዋሽንግተን አካባቢ ነው የምኖረው። ኢትዮጵያ ሄጄ ከተመለስኩ ከስድስት ወር በኋላ ቫይቫክስ ተገኘብኝ። እዚህ ትንኝ ነከሰኝ ማለት ነው?

አይመስለኝም ወንድሜ። ቫይቫክስ ጉበት ውስጥ ለወራት ተኝቶ ይቆያል። ያኔ ደምህ በማይክሮስኮፕ ቢታይ ንጹሕ ነው፤ ሌንሱ ጉበት ውስጥ አያይም። ሲነቃ ነው ወደ ደም የሚወጣው። አዲስ አበባ ብቻ ከነበርክ ከፍታው ወባ አያራባም፤ ለእረፍት ወደ ቆላ ወርደህ እንደሆነ አስብ። ትኩሳት በያዘህ ቁጥር ጉዞህን ለሐኪምህ ንገር፤ አንተ ካልነገርከው ወባ ላይታወሰው ይችላል። ፕሪማኪን ከመጀመርህ በፊት የጂ 6 ፒ ዲ ምርመራ (መድኃኒቱ ቀይ የደም ሴልህን ይጎዳ እንደሆነ የሚያሳየውን) አድርግ።

እኔም አሜሪካ ሆስፒታል ላብራቶሪ ነው የምሠራው። ሪንግ ሳይ ወዲያው ፒ ኤፍ እላለሁ። ልክ ነኝ?

ሰሜን ምሥራቅ ከሆንሽ ተጠንቀቂ። እዚያ በመዥገር የሚተላለፍ ባቤዢያ የተባለ ሌላ ፓራሳይት አለ፤ ሪንጉ ከፋልሲፓረም ጋር ይመሳሰላል። አራት ሆነው መስቀል የሠሩ ካየሽ፣ ከሴል ውጭ ሪንግ ካገኘሽ፣ የወባው ቡናማ ፒግመንት ከሌለ፣ ባቤዢያን አስቢ። ታማሚው አፍሪካ ሄዶ ያውቅ እንደሆነም አስጠይቂ።

አባቴ በንጉሡ ዘመን የወባ ማጥፊያ ሠራተኛ ነበሩ። ያኔስ በምን ይመረምሩ ነበር?

በዚሁ በስላይድ ነው። እ.ኤ.አ. በ1958 በአገራችን በተነሣው ወረርሽኝ 3 ሚሊዮን ያህል ሰው ታሞ 150 ሺህ ያህል እንደሞተ ተገምቷል። በዓመቱ የወባ ማጥፊያው አገልግሎት ተቋቋመ። እንደ አባትህ ያሉ ሰዎች ከቤት ቤት ሄደው ከጣት ደም እየወሰዱ ስላይድ ይሰበስቡ ነበር። በሕይወት ካሉ እጅ ነሥቼልሃለሁ በልልኝ። ላቬራን የሚባለው ፈረንሳዊ ሐኪም እ.ኤ.አ. በ1880 አልጄሪያ ውስጥ ፓራሳይቱን መጀመሪያ ያየው፣ ያለ ምንም ስቴይን፣ በትኩስ ደም ላይ ነበር። እኛ ጊምሳ ይዘን 100 ፊልድ ሲሰለቸን እሱን አስባለሁ።

የመጨረሻ ጥያቄ፦ 100ው ሌንስ ደበዘዘብኝ። በምን ልጥረገው?

በሌንስ ወረቀት፣ ሥራ በጨረስክ ቁጥር። በጥጥ ወይም በጋውን ጫፍ አይሆንም፤ ይፍቀዋል። ኦይሉ ደርቆ ከሆነ ወረቀቱን በጣም ጥቂት የሌንስ ማጽጃ አስነካው፤ ሌንሱ ላይ አታፍስ። 40ውን ሌንስ ኦይል ነክቶት እንደሆነም አብረህ እየው። ብዙ ጊዜ ደበዘዘ የሚባለው እሱ ነው።